ሳንኮፋ፦ ፊልም ሠሪዎች የከፈቱት ሱቅ

ዋሽንግተን ዲሲ፣ ጆርጂያ አቬኑ 2714፣ ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት። ሳንኮፋ ይባላል። መጽሐፍ ይሸጣል፣ ፊልም ይሸጣል፣ ቡናና ሳንዱች ይሸጣል። የእኛ ሰው ዘጠነኛ ጎዳና ክትፎውን በልቶ ወደ ሲልቨር ስፕሪንግ ሲመለስ መንገዱ ላይ ነው። ስንቱ አይቶት ያልፋል፤ ስንቱ ገብቶ ይቀመጣል የሚለው ሌላ ነገር ነው።

ይህን የምጽፈው ጨርሶ ለማያውቁት ብቻ አይደለም። «አዎ፣ የጥቁሮች መጽሐፍ መደብር ነው» ብለው ለሚያልፉትም ነው። እውነት ነው፣ ግን ግማሹ ነው። ይህ ቤት የሁለት ፊልም ሠሪዎች፣ የኃይሌ ገሪማና የባለቤታቸው የሽሪኪያና አይና የሥራ ዘመን የቆመበት ቤት ነው። በግሉ ዘጋቢ ፊልም የሚሠራ ሰው ሥራውን ከተመልካች ጋር ለማገናኘት ምን ያህል እንደሚለፋ ማየት ከፈለጋችሁ፣ እኔ ከዚህ የተሻለ አድራሻ አላውቅም።

ታሪኩን ባጭሩ ልበል። ዓመቶቹ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው። ጋሽ ኃይሌ በ1946 ጎንደር ተወለዱ። አባታቸው ገሪማ ታፈረ ደራሲና የተውኔት ሰው ስለነበሩ ቤቱ ራሱ መድረክ ነበር ማለት ይቻላል። በ1967 ወደ አሜሪካ መጡ፤ መጀመሪያ ቺካጎ ቲያትር፣ ቀጥሎ ሎስ አንጀለስ ዩሲኤልኤ ፊልም ተማሩ። ገና ተማሪ ሳሉ በ1974 አገር ቤት ገብተው «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን ቀረጹ። አብዮቱ በሚፈነዳበት ዓመት፣ በጥቁርና ነጭ፣ ተዋናይነት ሙያቸው ባልሆነ ሰዎች። ከ1975 ጀምሮ ደግሞ ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ማስተማር ያዙ። ሱቁ እዚያ በር ላይ መከፈቱ እንግዲህ በአጋጣሚ አይደለም።

ሱቁ እንዴት ተወለደ ለሚለው ግን ትንሽ ልቆይበት፤ የነገሩ ሁሉ ሥር እሱ ነው።

በ1993 «ሳንኮፋ» የተባለው ፊልማቸው በርሊን ፌስቲቫል ላይ ለውድድር ቀረበ። ስለ ባርነት የተሠራ ነው። ጋና ውስጥ ሰዎች ታስረው ለሽያጭ ይጫኑበት በነበረው ምሽግና ጃማይካ ተቀርጿል። ገንዘቡን ለመሰብሰብ ብቻ ዓመታት ወስዷል። ያ ሁሉ ሆኖ አሜሪካ ውስጥ ፊልሙን ተቀብሎ ለሲኒማ ቤቶች የሚያከፋፍል ጠፋ። እንግዲህ አብዛኛው ፊልም ሠሪ እዚህ ሲደርስ ነው የሚሰበረው። ወይ ደጅ ሲጠና ይከርማል፣ ወይ ፊልሙን ሣጥን ውስጥ ከትቶ ሌላ እንጀራ ይፈልጋል። ጋሽ ኃይሌና ሽሪኪያና ምን አደረጉ? ሲኒማ ቤት ተከራዩ። አዳራሹን በራሳቸው ወጪ ይዘው፣ ወሬውን በቤተ ክርስቲያንና በማኅበር አስነግረው፣ ትኬቱን ራሳቸው ሸጡ። ዋሽንግተን ላይ ሰው እየተሰለፈ ለሳምንታት ታየ። ከዚያ ከተማ ለከተማ ዞረ፤ በየደረሰበት የሰፈሩ ሰው ነበር ተቀብሎ የሚያስተናግደው። በ1990ዎቹ ሁለተኛ አጋማሽ ለተከፈተው ሱቅ መሠረት የሆነው የዚያ ፊልም ገቢ ነው።

«ሳንኮፋ» ልብ ወለድ እንጂ ዘጋቢ ፊልም አይደለም። መንገዱ ግን ለዘጋቢዎቹም ሆነ። ልብ ወለድ ፊልም ቢያንስ ሲኒማ ቤት የመግባት ተስፋ አለው። ዘጋቢ ፊልም፣ ያውም ስለ ጥቁር ሕዝብ ወይም ስለ ኢትዮጵያ የተሠራ፣ ማታ በቴሌቪዥን አንዴ ታይቶ እዚያው ሊቀር ይችላል። ከዚያ የት ይገኛል? ማን ይሸጠዋል? ሳንኮፋ ለዚህ ጥያቄ በራሳቸው እጅ የሰጡት መልስ ነው።

ወደ ውስጥ እንግባ።

ሰፊ አይደለም። ሱፐርማርኬት የሚያክል የመጽሐፍ መደብር የለመደ ሰው ሲገባ ትንሽ ሊመስለው ይችላል። አንድ መደርደሪያ አጠገብ ስትቆሙ ግን ዓይን አዋጅ ይሆንባችኋል። የአፍሪካ ታሪክ፣ የካሪቢያን ልብ ወለድ፣ የጥቁር አሜሪካውያን የትግል ታሪክ፣ የልጆች መጽሐፍ። የልጆቹ ላይ ቆም በሉ። እዚህ አገር ልጅ የምታሳድጉ ታውቁታላችሁ፤ የልጃችሁን ጸጉርና መልክ የሚመስል ልጅ ሽፋኑ ላይ ያለበት መጽሐፍ ሌላ ቦታ ስትፈልጉ በየካቲቱ የጥቁሮች ታሪክ ወር አንድ ጠረጴዛ ላይ ይወጣና ወሩ ሲያልቅ ይነሳል። እዚህ ዓመቱን ሙሉ በቦታው አለ። አንዲት እናት ሁለት ልጆቿን ምንጣፍ ላይ አስቀምጣ ድምጿን ዝቅ አድርጋ ስታነብላቸው አይቻለሁ። «ግዢ ወይ ውጪ» የሚል ፊት ያሳያት አልነበረም።

ካፌው ቀላል ነው። ቡና፣ ጭማቂ፣ የተጠበሰ ሳንዱች፣ ሥጋ ለማይበላም የሚሆን ነገር አለ፤ ጾመኛ አይቸገርም። ሳንዱቾቹ በጥቁር የፊልም ዳይሬክተሮች ስም መጠራታቸው ደስ ይለኛል። አንድ ተማሪ ሳንዱች ሲያዝ የማያውቀውን ስም ይጠራል፤ ጠርቶ ደግሞ «ማነው እሱ?» ይላል። ፊልሙ ሩቅ አይደለም፣ እዚያው ቤት ውስጥ ነው። ቡናው ጥሩ ነው፣ የእናታችሁን ጀበና አትጠብቁ እንጂ።

አሁን ወደ ፊልሞቹ።

ብዙ ሰው ጋሽ ኃይሌን በ«ጤዛ» ነው የሚያውቃቸው። ልክ ነው፣ በ2008 ቬኒስ ፌስቲቫል ላይ የዳኞች ልዩ ሽልማት ያገኘ፣ በዓመቱ ዋጋዱጉ ላይ ፌስፓኮ የሚባለውን የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል ትልቁን ሽልማት የወሰደ ፊልም ነው። የዘጋቢ ፊልም ሥራቸው ግን እንደሚገባው አልተነገረለትም። ኖርዝ ካሮላይና ውስጥ በግፍ ስለታሰሩ አሥር የመብት ታጋዮች በ1970ዎቹ መጨረሻ ሠሩ። እነዚያ ሰዎች ፍርዳቸው በ1980 ተሽሯል፣ ይቅርታ የተደረገላቸው ግን በ2012 ነው። ፊልሙ ፍርዱ ከመሻሩ በፊት ነው የተሠራው፤ ሰዎቹ ነጻ መሆናቸው ሳይታወቅ፣ ውጤቱ ሳይለይ። ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ማለት ለእኔ እዚያ ጊዜ ላይ ካሜራ የሚያነሳ ሰው ነው። በ1985 ስለ ገጣሚው ስተርሊንግ ብራውን ሠሩ፤ ሃዋርድ ለረጅም ዘመን ያስተማረ ሰው ነው፣ ከደጃቸው ማለት ነው። በ1994 ደግሞ ለቢቢሲ፣ ደርግ ከወደቀ በኋላ ከፖላንዳዊው ጋዜጠኛ ሪሻርድ ካፑሺንስኪ ጋር ወደ አገር ቤት ያደረጉትን ጉዞ ቀረጹ። ካፑሺንስኪ ስለ ጃንሆይ ቤተ መንግሥት በጻፈው መጽሐፍ ዓለም ያወቀው ሰው ነው። አንድ የውጭ ሰውና አንድ የአገር ልጅ ያንኑ የቆሰለ አገር ጎን ለጎን ሆነው ሲያዩት፣ ያ ብቻ ለማየት ይበቃል።

ገንዘባችሁን መጀመሪያ በምን ላይ አውሉ ካላችሁኝ ግን «አድዋ» ነው። የ1999 ሥራ ነው።

ይህን ፊልም እናቴ፣ እኔና የእህቴ ልጅ አብረን አየነው። ልጁ እዚሁ ተወልዶ ያደገ ነው፤ አማርኛ ይሰማል፣ መልሱ በእንግሊዝኛ ነው። እናቴ አድዋን ከትምህርት ቤት ሳይሆን ከአያቷ የሰማች ሴት ናት። ፊልሙ ውስጥ ሽማግሌዎች ያወራሉ፣ ይፎከራል፣ ተራራው ይታያል፣ የአገር ቤት ሥዕሎች አሉ። አንዱ ስንኝ ሲጀመር እናቴ ከፊልሙ ቀድማ ጨረሰችው። ልጁ ዞር ብሎ አያት። አያቱ ፊልሙን ቀድማ የምታውቅ ሰው ሆነችበት።

ከዚያ እሱ ያየው ነገር እኔን አስገረመኝ። «ለምንድነው የጣልያኖቹ አንድ ዓይን ብቻ የሚታየው?» አለ። እናቴ ሳቀች። በእኛ ሥዕል ወግ ጻድቁና የወገን ሰው ፊት ለፊት፣ በሁለት ዓይኑ ይሣላል፤ ጠላትና ክፉ ሰው በጎን ይሣላል፣ አንድ ዓይን ብቻ ይኖረዋል። ቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ላይ ስንት ጊዜ አይተነዋል። ልጁ ከዚያ በኋላ ፊልሙን ትቶ ሥዕሎቹን መቁጠር ያዘ፤ ይሄ የእኛ፣ ያ የእነሱ። አንድ ሰዓት ተኩል የሚሆን ፊልም ስልኩን ሳይነካ ጨረሰ። የልጅ አሳዳጊ የሆነ ይህ ምን ማለት እንደሆነ ይገባዋል።

ሥዕሉና ሽማግሌው በዚህ ፊልም ውስጥ ለጌጥ አልገቡም። ሌላ ምርጫ አልነበረም። ሉሚየር ወንድማማቾች ፓሪስ ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ ትኬት ሸጠው ፊልም ያሳዩት በታኅሣሥ 1895 መጨረሻ ነው። አድዋ የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ነው፣ በፈረንጆቹ መጋቢት 1 ቀን 1896። ሁለት ወር ብቻ ነው በመሃል ያለው። የአድዋ ፊልም የለም፣ ሊኖርም አይችልም ነበር። ስለዚህ ፊልም ሠሪው ያለው የሰው አፍና የሠዓሊ እጅ ነው። የ1935ቱ ወረራ ግን ተገላቢጦሽ ነው። ያኔ ፊልም ሞልቷል፤ የቀረጸው ግን ወራሪው ነው። ሮም ያለው ሉቼ ኢንስቲትዩት በ1924 የተቋቋመ ነው፤ የፋሺስቱ መንግሥት የፕሮፓጋንዳ ክንፍ ነበር፣ የወረራውም ምስል ዛሬ ድረስ እዚያ ይገኛል። አንድ ኢትዮጵያዊ የአያቱን ሞት በፊልሙ ውስጥ ለማስገባት ከፈለገ ምስሉን ጠይቆ፣ ተዋውሎ፣ ከፍሎ ነው። ይህን ሳስብ ዛሬም ያንገበግበኛል።

ዘጋቢ ፊልም ለምን እንደሚዘገይ፣ ለምንስ አንድ ዲቪዲ ላይ የምትከፍሉት ገንዘብ ለትክክለኛ ቦታ እንደሚውል ለመረዳት ይህን ማወቅ ያስፈልጋል። እኔ ራሴ በረዳትነት ዘጋቢ ፊልም ላይ ሠርቻለሁና ከቅርብ አውቀዋለሁ። የድሮ ምስል በደቂቃ፣ አንዳንዱ ቦታም በሰከንድ ነው የሚሸጠው። ዋጋው ደግሞ የት እንደሚታይና ለስንት ዓመት እንደሚታይ ይለያያል። ለፌስቲቫል ብቻ ከሆነ አንድ ዋጋ፣ ለዓለም ሁሉና ለዘለዓለም ከሆነ ሌላ ዋጋ። ብዙ ፊልም ሠሪ በርካሹ ይጀምርና የአምስት ዓመት ፈቃዱ ሲያልቅ የገዛ ፊልሙን ማሳየት አይችልም። ከዚያ ሙዚቃ አለ። ከዚያ ቴሌቪዥን ጣቢያ ከመግዛቱ በፊት የሚጠይቀው መድን አለ፤ አንድ ሰው «ስሜን አጠፋችሁ» ወይም «ምስሌን ሰረቃችሁ» ብሎ ቢከስ የሚሸፍን። ይህ ሁሉ ካሜራው ከተቀመጠ በኋላ የሚመጣ ወጪ ነው። ለዚህ ነው ፊልም ተቀርጾ አልቆ ዓመታት የሚቆየው፤ ሰነፍ ስለሆኑ አይደለም።

ገንዘቡ ከየት ይመጣል? ከፋውንዴሽን ማመልከቻ፣ ከቴሌቪዥን ቅድመ ሽያጭ፣ ከማስተማር ደመወዝ፣ ከዘመድና ከወዳጅ። የሰው ፊት እሳት ነው ይባል የለ? ፕሮዲውሰር ማለት በዚያ እሳት ፊት ለዓመታት የሚቆም ሰው ነው። ጋሽ ኃይሌ ደመወዛቸውን ከሃዋርድ እየበሉ ፊልማቸውን ለራሳቸው አስቀሩ። አንዳንዱ ይህን እንደ እልኸኝነት ያየዋል። እኔ ግን በሙያው ውስጥ ካየሁት ነገር በኋላ ብልህነት ነው የምለው።

አንድ ምሳሌ ልስጥ። የሥራ ባልደረባዬ የሆነ ሰው ዘጋቢ ፊልሙን ለአንድ አከፋፋይ ሰጠ፤ ስሙን አልጠራም። ውሉ ለረጅም ዓመት ነው፣ ለሌላ ማንም መስጠት አይችልም። አከፋፋዩ ከገቢው መጀመሪያ ኮሚሽኑን ይቆርጣል፣ ቀጥሎ «ለማስታወቂያ፣ ለፌስቲቫል ጉዞ፣ ለፖስተር» ያለውን ወጪ ይቀንሳል። የተረፈውን ነው ለባለቤቱ የሚሰጠው። የተረፈ አልነበረም። ፊልሙ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ እንደሚታይ የሚሰማው ከተማሪዎች ነው፤ እጁ ላይ ግን ቡና የሚያጠጣ ገንዘብ አልገባም። ውሉ እስኪያልቅ መጠበቅ ነበረበት። ሕገ ወጥ ነገር አይደለም፣ ራሱ የፈረመው ወረቀት ነው። ሳንኮፋ ውስጥ ቆሜ የባለቤቶቹን ፊልም ከራሳቸው መደርደሪያ ሳነሳ የሚሰማኝ የዚህ ተቃራኒ ነው። የከፈልኩት ወዴት እንደሚሄድ አውቃለሁ።

አንድ ቀን ካፌው ውስጥ ላፕቶፑን የከፈተ ወጣት አጠገቤ ተቀምጦ ነበር። አበሻ ነው። ሰላምታ ተለዋወጥን። ኤርፖርት የሚሠሩ የእኛን ሰዎች በሚመለከት አጭር ዘጋቢ እየሠራ ነው። «ጋሼ፣ የትኛው ካሜራ ይሻለኛል?» አለኝ። ካሜራውን ተወው አልኩት። ሲያልቅ ማን ያየዋል? ፈቃዱስ በማን ስም ነው? የምታነጋግራቸው ሰዎች ፈርመውልሃል? ዝም አለ። ወረቀት ላይ አልፈረሙም፣ ወዳጆቹ ናቸው። የእኛ ሰው «በመካከላችን ወረቀት ምን ያደርጋል» ይላል። ያ ፊልም ነገ ቴሌቪዥን ጣቢያ ቢፈልገው ያ ወረቀት ከሌለ አይወስደውም። አንድ ገጽ ነው፤ ዛሬ ቡና እየጠጡ ይፈርማሉ፣ ከሦስት ዓመት በኋላ ግን ማን የት እንደሚሆን አይታወቅም። ልጁ ስልኩን አወጣና እዚያው ለአንዱ ደወለ። ይህ ውይይት ሌላ ካፌ ውስጥም ሊሆን ይችል ነበር። ግን እዚህ ነው የሆነው። እንዲህ ዓይነት ሰው የሚሰበሰብበት ቤት ስለሆነ ነው።

ስለ ሽሪኪያና አይና ሳልናገር ባልፍ ጥፋት ነው። ሰው «የኃይሌ ገሪማ ሱቅ» ይላል፤ እሳቸው ግን ራሳቸውን የቻሉ ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ናቸው፣ «ሳንኮፋ»ንም አብረው ያዘጋጁ ፕሮዲውሰር ናቸው። በ1997 ከአፍሪካ የተነጠቀው ሕዝብ ወደ ጋና ስለሚያደርገው መመለስ ሠርተዋል። እኔን በጣም የያዘኝ ግን የ1982ቱ «ብሪክ ባይ ብሪክ» ነው። ስለዚችው ስለ ዋሽንግተን ነው። ቱሪስት የሚያየው ነጭ ሐውልትና ጉልላት በአንድ በኩል፣ ከቤታቸው የሚፈናቀሉ ጥቁር ነዋሪዎች በሌላ በኩል። ፊልሙ ውስጥ የሲተን ስትሪት ተከራዮች አሉ። ተባብረው የሚኖሩበትን ቤት ራሳቸው ገዙ። «ውጡ» ሲባሉ የሰጡት መልስ ያ ነው።

አሁን ወደ 2019 እንምጣ። ጆርጂያ አቬኑ አካባቢ የቤት ዋጋ ሰማይ ነካ፣ የንብረት ግብሩም አብሮ ወጣ። ሕንጻው የራሳቸው ነው፤ ግን ግብር መክፈል ያልቻለ ባለቤት ምን ባለቤት ነው? ሳንኮፋ ለከተማው ምክር ቤት አቤት አለ። የሰፈሩ ሰው፣ ተማሪው፣ አንባቢው ፊርማ አሰባሰበ፣ ቀርቦም ተናገረ። በመጨረሻ ምክር ቤቱ ለ10 ዓመት የንብረት ግብር እፎይታ ሰጠ። በ1982 ካሜራዋን ይዛ ስለ መፈናቀል የሠራች ሴት፣ ወደ አርባ ዓመት ሲጠጋው ያንኑ ነገር በገዛ በሯ ላይ አገኘችው። ልዩነቱ ምን እንደሆነ ታውቃላችሁ? በዚያ ሁሉ ዓመት ያነበበው፣ ፊልም ያየው፣ ልጁን ያመጣው ሰው አለ። ጋሽ ኃይሌ ስለ ፊልም ሲያስተምሩ ፊልም ሠሪው፣ ተመልካቹና ሐያሲው ሦስት ማዕዘን ናቸው ይላሉ፤ አንዱ ከጎደለ ሲኒማ የለም። እኔ ይህን ነገር እንደ ንድፈ ሐሳብ ነበር የማውቀው። የምክር ቤቱ ነገር ሲሆን ግን በተግባር ታየኝ። ያ እፎይታ የተገኘው ተመልካች ስለነበራቸው ነው።

በ2021 «ሳንኮፋ» ታድሶ ኔትፍሊክስ ላይ ወጣ። በዚያው ዓመት ሎስ አንጀለስ ያለው የኦስካር አካዳሚ ሙዚየም ለጋሽ ኃይሌ ሽልማት ሰጣቸው። ፊልሙ በርሊን ከቀረበ ከ28 ዓመት በኋላ መሆኑ ነው። ደስ ይላል፣ ይገባቸዋልም። ግን አንድ ነገር አስተውሉ፦ ያን ጊዜ ፊልሙ አሁንም በእጃቸው ነበር። ለሌላ ሰጥተውት ቢሆን ኖሮ ማን ያድሰው ነበር፣ ማንስ ይጠይቃቸው ነበር?

እስቲ አሁን ለማን እንደማይሆን ልናገር። አማርኛ መጽሐፍ ፍለጋ ብቻ ከሆነ የምትወጡት፣ ሳንኮፋ ለዚያ የተሠራ ቤት አይደለም፤ የእኛን ሱቆች ሂዱ። መጽሐፉን በጣም በርካሽ ለማግኘት ከሆነ ኦንላይን ከዚህ ያነሰ ዋጋ ሊገጥማችሁ ይችላል፤ እኔ ልዩነቱን አውቄ ነው የምከፍለው። ዲቪዲ ማጫወቻ ቤታችሁ ከሌለ ደግሞ ከመግዛታችሁ በፊት አስቡበት። ብዙ ቤት የለም፣ አዲሶቹ ላፕቶፖችም ማስገቢያ የላቸውም። ተሰኪ ማጫወቻ ብዙ ዋጋ አያወጣም፣ እኔም የምጠቀመው እሱን ነው። በግሌ የምመኘው ግን እነዚህ ዘጋቢ ፊልሞች ሁሉ ከቤት ሆነን ከራሳቸው ገዝተን የምናይበት መንገድ ሰፍቶ ማየት ነው። ዳላስ፣ ሲያትል፣ ቴል አቪቭና ዱባይ ያለው አበሻ ጆርጂያ አቬኑ መምጣት አይችልም።

ፓርኪንግ ጭንቅ ነው። የሱቁ ጥፋት አይደለም፣ መንገዱ እንደዚያ ነው፤ ዩኒቨርሲቲው ክፍት ሲሆን ይብሳል። የጎን መንገዶቹ ላይ ምልክቱን በደንብ ሳታነቡ አታቁሙ፣ ቅጣቱ ከመጽሐፉ ይበልጣል። በባቡር ከሆነ በአረንጓዴው መስመር ሾው–ሃዋርድ ወርዳችሁ ትንሽ ማዝገም ነው። የጆርጂያ አቬኑ አውቶቡስ ደግሞ ከሲልቨር ስፕሪንግ አቅጣጫ ለሚመጣ ይመቻል። ከመውጣታችሁ በፊት የዕለቱን ፕሮግራም እዩ። የመጽሐፍ ምረቃ፣ የፊልም ማሳያ፣ ለልጆች ንባብ ይኖራል። ጸጥ ብሎ ለማንበብ የፈለገ ሰው ዝግጅት ያለበት ቀን ከሄደ መቀመጫ ያጣል፤ ሰው ለመተዋወቅ የፈለገ ግን በዚያው ቀን ይሂድ።

አንድ ነገር በተለይ ለማኅበራትና ለቤተ ክርስቲያን ኮሚቴዎች። በየዓመቱ የአድዋ በዓል ሲደርስ አንድ ሰው ዲቪዲውን ከቤቱ ያመጣና አዳራሽ ውስጥ ለመቶ ሰው ይታያል። በቅን ልቦና ነው፣ አውቃለሁ። ግን ለቤት የተገዛ ዲስክ ለአዳራሽ ማሳያ ፈቃድ አይደለም። ለሕዝብ ማሳያ ሌላ ክፍያ አለው፤ ዩኒቨርሲቲና ቤተ መጻሕፍት ለአንድ ዲስክ ከግለሰብ የበለጠ የሚከፍሉትም ለዚህ ነው። በግሉ የሚሠራ ዘጋቢ ፊልም ሠሪ ቀጣዩን ፊልም የሚጀምረው በዚህች ገንዘብ ነው። አዳራሽ ተከራይተን፣ ዳቦና ቆሎ ገዝተን፣ ለድምፅ ማጉያ ከፍለን፣ የፊልሙን ባለቤት ብቻ መዝለል አይገባም። ኮሚቴያችሁ በጀት ሲይዝ የፊልሙን ፈቃድም አብሮ ይያዝ። ደውላችሁ ወይም ሄዳችሁ ጠይቁ፤ ባለቤቶቹ ያሉት እዚሁ ከተማ ነው።

መጀመሪያ ምን ልግዛ ለምትሉ፦ ልጅ ካላችሁ አንድ የልጆች መጽሐፍ፣ ከሱ ጋር «አድዋ»ን። ልጅ ከሌላችሁ «አድዋ»ንና ስለ አፍሪካ ሲኒማ የተጻፈ አንድ መጽሐፍ፤ የትኛው እንደሚሻል እዚያው ያሉትን ጠይቋቸው። ፊልም መሥራት የምትፈልጉ ወጣቶች ደግሞ ሳንዱች እዘዙ፣ ቁጭ በሉ፣ አጠገባችሁ ያለው ሰው ምን እየሠራ እንደሆነ ጠይቁት። የፈቃድ ወረቀታችሁንም ቦርሳችሁ ውስጥ ያዙ።